ጉማሬ በቦዬ ጨፌ፦ ስሙ፣ አካሉና መንገዱ

ከጅማ ከተማ ወጣ ብሎ፣ ወደ አዲስ አበባ በሚወስደው መንገድ በኩል ያለው የቦዬ ጨፌ የጉማሬ መኖሪያ ነው። ጨፌው ለከተማው ቅርብ ስለሆነ ከብት የሚያግደው፣ ቄጠማ የሚያጭደው፣ ለጡብ የሚሆን ሸክላ አፈር የሚቆፍረውና በበጋ በእርጥበቱ በቆሎ የሚዘራው ሰው ሁሉ ከዚህ እንስሳ ጋር ጎረቤት ነው። ስለ ጎረቤቱ ያለው እውቀት ግን የተዛባ ነው። አንዱ ጉማሬን ቀኑን ሙሉ የሚያንቀላፋ ሰነፍ አድርጎ ይንቀዋል፤ ሌላው ሰው እያሳደደ የሚበላ አውሬ ያደርገዋል። ሁለቱም ልክ አይደሉም፤ ሁለቱም ለአደጋ ይዳርጋሉ።

ነገሩን ለመረዳት አንድ መነሻ ይበቃል። ጉማሬ ቀን ውሃ፣ ሌሊት ሣር ያስፈልገዋል፤ በሁለቱ መካከል ደግሞ የሚመላለስበት ቋሚ መንገድ አለው። ሰው የሚጎዳው፣ ሰብል የሚረገጠው፣ ጉማሬውም በጦር የሚወጋው በአብዛኛው በዚያ መንገድ ላይ ወይም ከመንገዱ አጠገብ ነው።

ስሙ

በአማርኛ ጉማሬ ሲባል መጀመሪያ የሚታሰበው እንስሳው ነው። ሁለተኛው ትርጉሙ ከቆዳው የሚሠራው አለንጋ ነው። በቆዩ ጽሑፎች «በጉማሬ ገረፈው» የሚል ቢገኝ፣ ከጉማሬ ቆዳ በተሠራ አለንጋ ተገረፈ ማለት ነው። ቆዳው እጅግ ወፍራም በመሆኑ ለጋሻም ይውል ነበር። በጣና ዙሪያ የሚኖሩት ወይጦዎች ከደንገል ታንኳ በመሥራትና ጉማሬ በማደን ይታወቁ ነበር፤ ሥጋውን ስለሚበሉም ጎረቤቶቻቸው ያገልሏቸው ነበር። ይህ መገለል ለዛሬ ሰው መሰደቢያ እንዲሆን መፍቀድ አይገባም።

በጅማ ዙሪያ ያለው ገበሬ በአፋን ኦሮሞ ሮቢ ይለዋል። ረቡዕም በዚያው ቋንቋ ሮቢ ስለሚባል፣ ቋንቋውን በከፊል ብቻ የሚሰማ እንግዳ ስለ ቀን የተወራ ሊመስለው ይችላል። በጨፌ ዳር ይህን ቃል የሰማ ሰው ማስጠንቀቂያ ሊሆን ስለሚችል ቆም ብሎ ይጠይቅ።

ብሔሞት የሚለው ስም ሲነሳ ግን ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በመጽሐፈ ኢዮብ ምዕራፍ 40 የተገለጸው ፍጥረት እንደ በሬ ሣር ይበላል፤ በሸምበቆና በረግረግ ውስጥም ይተኛል። በዚህ ምክንያት ብዙ ተርጓሚዎች ጉማሬ ነው ብለውታል። በመጽሐፈ ሄኖክ ምዕራፍ 60 ደግሞ ብሔሞት ወንድ ሆኖ ዴንዳይን በሚባል ምድረ በዳ የሚኖር፣ ሌዋታን ሴት ሆና በባሕር ጥልቅ የምትኖር ፍጥረት ነች። መጽሐፈ ሄኖክ ሙሉ ሆኖ የተገኘው በግእዝ ብቻ ስለሆነ ይህ ሁለተኛው ሥዕል በእኛ ዘንድ ይበልጥ የታወቀ ነው። ስለዚህ የግእዝ ትምህርት ያለው ሰው ብሔሞት ሲል የግድ ጉማሬን አያስብም። የቦዬውን እንስሳ በጽሑፍ ማንሳት የፈለገ ጉማሬ ቢል ይሻላል፤ ብሔሞትን ለመጽሐፉ ይተውለት።

ሂፖፖታመስ የሚለው የግሪክ ስም የወንዝ ፈረስ ማለት ነው። ከፈረስ ጋር ግን ዝምድና የለውም። ለረጅም ጊዜ የአሳማ የቅርብ ዘመድ ተደርጎ ይቆጠር ነበር፤ የዲኤንኤ ጥናት እንዳሳየው ግን ዛሬ በሕይወት ካሉት እንስሳት ሁሉ የቅርብ ዘመዱ ዓሣ ነባሪ ነው። የጋራ ቅድመ አያታቸው የኖረው ከ50 ሚሊዮን ዓመታት በላይ ወደኋላ ተቆጥሮ ነው።

ቀን ለምን ከውሃ አይወጣም?

የጎለመሰ ወንድ ጉማሬ አብዛኛውን ጊዜ 1,500 ኪሎ ያህል ይመዝናል፤ ከ3,000 ኪሎ የሚያልፍም አለ። ቆዳው በጎንና በጀርባው እስከ 5 ሴንቲ ሜትር ይወፍራል። ጦር የሚመክት ይመስላል እንጂ የላይኛው ንብርብሩ እጅግ ስስ ነው። ውሃ በቀላሉ ስለሚያመልጠው ፀሐይ ላይ ከቆየ ቆዳው ይደርቅና ይሰነጠቃል። ቀኑን ውሃ ውስጥ የሚያሳልፈው በዋናነት ለዚህ ነው፤ በዚያ ላይ ክብደቱን ውሃው ስለሚሸከምለት ጉልበቱን ይቆጥባል።

ጉማሬ ደም ያልበዋል የሚባለው መሠረት የሌለው ወሬ አይደለም፤ ፈሳሹ ግን ደምም ላብም አይደለም። በቆዳው ላይ የሚወጣው ዝልግልግ ፈሳሽ መጀመሪያ ቀለም የለውም፤ በደቂቃዎች ውስጥ ወደ ቀይ፣ ቆይቶም ወደ ቡናማ ይለወጣል። በ2004 እ.ኤ.አ. የጃፓን ተመራማሪዎች ቀለሙን የሚሰጡትን ሁለት ንጥረ ነገሮች ለይተው አወጡ። ቀዩን ሂፖሱዶሪክ አሲድ፣ ብርቱካናማውን ኖርሂፖሱዶሪክ አሲድ አሏቸው። ሁለቱም የፀሐይን ጎጂ ጨረር ይመጥጣሉ፤ ቀዩ ደግሞ ባክቴሪያ እንዳይራባ ያደርጋል። በኩስ በተሞላ ኩሬ ውስጥ ተናክሰው የቆሰሉ ወንዶች ቁስላቸው ብዙውን ጊዜ ሳያመረቅዝ የሚድነው በዚህ ሳይሆን አይቀርም።

ጉማሬ ውሃ ውስጥ ይኑር እንጂ አይዋኝም። አጥንቱ ከባድ ስለሆነ አይንሳፈፍም፤ የውሃውን ወለል በእግሩ እየረገጠ ይራመዳል፣ ይንሸራተታል። ስለዚህ የሚመርጠው ጥልቅ ሐይቅን ሳይሆን ቆሞ አፍንጫውን ማውጣት የሚችልበትን፣ አንድ ሜትር ተኩል ገደማ የሚጠልቅ ረጋ ያለ ውሃ ነው። ሲጠልቅ አፍንጫውና ጆሮው ይዘጋሉ፤ ትልቁ እስከ 5 ደቂቃ ያህል ትንፋሹን ይዞ ይቆያል። ተኝቶም ቢሆን ሳይነቃ ብቅ ብሎ ተንፍሶ ይመለሳል። «ውሃው ጸጥ ብሏል፣ ጉማሬ የለም» ብሎ መደምደም አደገኛ የሚሆነው ለዚህ ነው። አንድን ኩሬ ለማየት ቢያንስ ግማሽ ሰዓት ቆሞ መጠበቅ፣ በየአምስት ደቂቃው እየቆጠሩ ከተገኙት ቁጥሮች ትልቁን መያዝ ያስፈልጋል። ጆሮ፣ ዓይንና አፍንጫ ብቻ ስለሚታይ ጀርባ የፈለገ ሰው ግማሹን ሳያይ ይሄዳል።

በውሃው ውስጥ ሥርዓት አለ። አንድ አውራ ወንድ የኩሬውን ወይም የወንዙን ቁራሽ ይይዛል፤ ሴቶቹና ግልገሎቻቸው በዚያ ይሰበሰባሉ፤ ሌሎች ወንዶች የሚታገሱት አንገታቸውን ከደፉለት ብቻ ነው። ይህ ግዛት ግን ከውሃው ዳር ያበቃል። ሣር ላይ አውራም ተራም የለም፤ እያንዳንዱ ለብቻው ይግጣል፤ እናት ብቻ ግልገሏን ታስከትላለች። ስለዚህ ጉማሬ ቀን በውሃ ውስጥ የሚያጠቃው ግዛቱን ሲከላከል ነው፤ ሌሊት በየብስ ላይ የሚያጠቃው ደግሞ ደንግጦ ወደ ውሃው የሚመለስበት መንገድ የተዘጋበት ሲመስለው ነው። ሁለቱ የተለያዩ ስለሆኑ መከላከያቸውም የተለያየ ነው።

የሌሊቱ ጉዞ

ሲመሽ ጉማሬው ከውሃው ይወጣል፤ አራት አምስት ሰዓት ያህል ይግጣል፤ ሊነጋጋ ሲል ይመለሳል። ጥሩ ሣር በቅርብ ካለ ሩቅ አይሄድም። ሣሩ በከብት ከተጋጠ ወይም ከታረሰ ግን ብዙ ኪሎ ሜትር ሊጓዝ ይችላል። በአንድ ሌሊት ወደ 40 ኪሎ ሣር ይበላል። ይህ ለአካሉ ግዝፈት ጥቂት ነው፤ ቀኑን ሳይንቀሳቀስ ስለሚውል ግን ይበቃዋል። ሆዱ ብዙ ክፍል ቢኖረውም እንደ ላም አያመሰኳም።

ሣሩን የሚነጨው በጥርሱ ሳይሆን ግማሽ ሜትር በሚሰፋ ከንፈሩ ነው። ላም በምላሷ ጠቅልላ ስለምትነጭ የጋጠችበት ቦታ ወጣ ገባ ይሆናል። ጉማሬ የጋጠበት ግን ከመሬቱ ጋር የተስተካከለ፣ ሰፊ ቁራሽ ሆኖ ይቀራል። 50 ሴንቲ ሜትር የሚደርሱት የውሻ ጥርሶቹ ለመብላት አያገለግሉም፤ ለጠብ ብቻ ናቸው።

የጉማሬ መንገድ አንዴ የታየ እንደሆነ ከሌላ አይምታታም። እግሮቹ አጭር፣ ሆዱ ሰፊ ስለሆነ የግራና የቀኝ እግሮቹ ተራርቀው ይረግጣሉ። በተደጋጋሚ የሄደበት መንገድ ሁለት ጎን ለጎን የተቦረቦሩ ቦዮች ይኖሩታል፤ በመካከላቸው ሣር የበቀለበት ጉብታ ይቀራል። የከብት መንገድ አንድ ቦይ ብቻ ነው። የጉማሬው የእግር አሻራ አራት ጣት አለው፤ አራቱም መሬት ይነካሉ፤ ስፋቱ የትልቅ እንስሳ ከሆነ ወደ 25 ሴንቲ ሜትር ይደርሳል። መንገዱ ከውሃው በሚወጣበት ቦታ ቁጥቋጦው ላይና ግንዱ ላይ ኩስ ተለጥፎ ይገኛል፤ ጅራቱን እንደ ማራገቢያ እያወዛወዘ ስለሚረጨው ነው። በሞዛምቢክ ተሠርቶ በ2022 እ.ኤ.አ. የወጣ ጥናት ጉማሬዎች የማያውቁት ጉማሬ ድምፅ ሲሰሙ ኩስ መርጨታቸው እንደሚብስ አሳይቷል፤ ምልክቱ የሚናገረው ሌላ ጉማሬ ስለመኖሩም ጭምር ነው።

መንገዱ ዛሬ ሌሊት ጥቅም ላይ መዋሉን ለማወቅ ጠዋት አሻራውን ጎንበስ ብሎ ማየት ይበቃል። ጠርዙ ስል ከሆነ፣ በውስጡ የተጠራቀመው ውሃም ገና ደፍርሶ ካለ እንስሳው ካለፈ ብዙ አልቆየም። ጭቃው ረግቶ ውሃው ከጠራ፣ የጠርዙም አፈር ተናንዶ ከሆነ የቆየ ነው። ሌላው ምልክት ጤዛ ነው፦ በግራና በቀኝ ያለው ሣር ነጭ ጤዛ ለብሶ በመንገዱ ላይ ያለው ብቻ ከረገፈ እንስሳው ያለፈው ጤዛው ከወረደ በኋላ ነው፤ ምናልባት ገና አልተመለሰም። እንዲህ ባለ ጠዋት ቄጠማ ለማጨድ የሄደ ሰው ፀሐይ ሞቅ እስክትል ከጨፌው ርቆ ይቆይ። ቄጠማ ለማጨድም ሸክላ ለመቆፈርም የሚሻለው ሰዓት ከረፋዱ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ያለው ነው፤ ያኔ እንስሳው የት እንዳለ ይታወቃል።

ሰብሉን ማዳን

ጉማሬ ከሣር ሌላ ለምለም በቆሎ፣ ሸንኮራ አገዳና ጎመን ይበላል። ቡና ፈልጎ አይመጣም፤ መንገዱ ላይ የተተከለ ችግኝ ግን ይረግጣል። ጉዳቱ የሚብሰው ከኅዳር እስከ የካቲት ድረስ ነው፤ የላይኛው ሣር ደርቆ ለምለም ሆኖ የሚቀረው በጨፌው ዳር በመስኖና በእርጥበት የተዘራው ሰብል ብቻ ይሆናል።

ገበሬው በብዛት የሚጠቀመው እሳት፣ ቆርቆሮ መምታትና ጩኸት ነው። ለጥቂት ሌሊት ይሠራል። ጉማሬው ከጩኸቱ በኋላ ምንም እንደማይከተል ሲያውቅ ይለምደዋል። የድንጋይና የጦር ውርወራ ደግሞ ነገሩን ያባብሳል፤ የቆሰለ ጉማሬ በዚያው መንገድ ይመለሳል፤ በማግሥቱ የሚያገኘው ሌላ ሰው ነው የሚከፍለው። የዱር እንስሳትን ያለ ፈቃድ መግደል በሕግ የተከለከለ መሆኑም መታወቅ አለበት።

ይበልጥ የሚያዋጣው የእንስሳውን አካል ድክመት መጠቀም ነው። ጉማሬ ግንድ ወይም ግንብ ዘሎ አያልፍም። በ2024 እ.ኤ.አ. የወጣ ጥናት በሶምሶማ ሲሮጥ አራቱም እግሮቹ ለቅጽበት ከመሬት እንደሚለቁ አሳይቷል፤ ይህ ግን እርምጃውን ያረዝምለታል እንጂ ከፍ ያለ ነገር አያሻግረውም። በመሆኑም ወደ አንድ ሜትር የሚጠልቅና አንድ ሜትር ተኩል የሚሰፋ፣ ግድግዳው ቀጥ ያለ ቦይ በማሳው ዳር ቢቆፈር ያቆመዋል። በወገብ ልክ የተካበ የድንጋይ ካብም ይሠራል። አጥሩ ረጅም መሆን አይጠበቅበትም፤ ዝቅ ብሎ ጠንካራ መሆን ነው ያለበት። የእንጨት አጥር በቁመቱ ቢያምርም በደረቱ ይደፈጥጠዋል።

ቦዩ የሚበላሽባቸው መንገዶች አሉ። የጅማ ዝናብ ከባድ ነው፤ ግድግዳው ተንዶ ቁልቁለት ከሆነ እንስሳው ወርዶ ይወጣል። ስለዚህ ከበልግ በፊት አንዴ፣ ከክረምት በኋላ አንዴ መጠረግና ግድግዳው ቀጥ ተደርጎ መስተካከል አለበት። ውሃ ከሞላም ዋጋ የለውም፤ ውሃ የሞላ ቦይ ለጉማሬ መግቢያ ነው። የተቆፈረው አፈር በማሳው በኩል ይከመር፤ በጉማሬው በኩል ከተከመረ ለመውረጃ ያመቻቻል። ከሁሉ የሚከፋው ስህተት ቦዩን በራሱ በጨፌው ውስጥ መቆፈር ነው። ጨፌውን ያንጠፈጥፈዋል፤ ሣሩ ይደርቃል፤ ጉማሬውም ሣር ፍለጋ ወደ ማሳው የሚመጣበት ምክንያት ይጨምራል። ቦዩ ከእርጥበቱ ወሰን በላይ፣ ከፍ ባለው መሬት ላይ ይሁን። ከብትና ልጅ እንዳይገቡበትም ማለፊያው ላይ በቀን የሚዘረጋ፣ ማታ የሚነሳ የእንጨት ድልድይ ያስፈልጋል።

ከቦዩም በፊት ግን መንገዱ ይታይ። የጉማሬ መንገድ በማሳው መሃል የሚያልፍ ከሆነ ያንን መስመር ዘግቶ ሌላ መውጫ ሳይተዉ መቅረት ችግሩን ወደ ጎረቤት ማሳ ወይም ወደ መንደሩ መንገድ ማዛወር ነው። ከአምስት እስከ አሥር ሜትር የሚሆን የሣር ቁራሽ ሳይታረስ ቢቀርለት እንስሳው የለመደውን አይተውም። አንድ ገበሬ ብቻውን ይህን መሥራት አይችልም፤ በአንድ ጨፌ ዳር ያሉ ባለ ማሳዎች ከቀበሌውና ከግብርና ጽሕፈት ቤቱ ባለሙያ ጋር ሆነው መንገዶቹን በእግር ተከትለው ቢያዩ፣ የትኛው እንደሚዘጋና የትኛው እንደሚተው አብረው መወሰን ይችላሉ።

ፊት ለፊት ሲገናኙ

ጉማሬ በአጭር ርቀት በሰዓት ወደ 30 ኪሎ ሜትር ይሮጣል። ሰው በቀጥታ ሮጦ አያመልጠውም። ዋናው ደንብ በእንስሳውና በውሃው መካከል አለመቆም ነው። ሌሊት ወይም ንጋት ላይ ያጋጠመው ሰው መጀመሪያ ውሃው በየት በኩል እንዳለ ያስብ፤ ከዚያም ከመንገዱ ወደ ጎን፣ ወደ ዳገቱ ይራቅ። ሥጋ ፈልጎ ስለማያሳድድ ወደ ውሃው የሚወስደው መንገድ ከተከፈተለት አብዛኛውን ጊዜ አልፎ ይሄዳል። መጣ ከተባለ ወፍራም ዛፍ ወይም ትልቅ ኩይሳ ጀርባ መከለል፣ ካልሆነ ዛፍ ላይ መውጣት ነው። ቁጥቋጦ አይከልልም፤ ሰብሮት ያልፋል።

አፉን በሰፊው መክፈቱ ማዛጋት ይመስላል፤ ፎቶ ለማንሳት የሚጠጉም አሉ። ጥርሱን እያሳየ ማስጠንቀቁ ነው። ራሱን መነቅነቅ፣ ውሃ መርጨት፣ እየጠለቀ ቀረብ ብሎ ብቅ ማለትም እንደዚያው ነው፤ በተለይ የመጨረሻው ወዲያው ወደኋላ የሚያስመልስ ምልክት ነው። ግልገል ያላት እናት ያለ ምንም ምልክት ልትመጣ ትችላለች። እርግዝናዋ ስምንት ወር ሲሆን የምትወልደው አንድ ብቻ ነው፤ ያንንም ለመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ከመንጋው ተለይታ በዳር ባለው ቄጠማ ውስጥ ትጠብቀዋለች። ሰው የሚገባበት ጥልቀት የሌለው ቄጠማ ከኩሬው መሃል ይልቅ አደገኛ የሚሆነው ያኔ ነው።

በታንኳ የሚሄድ ሰው ዳር ዳሩን ይያዝ፤ የደነገጠ ጉማሬ የሚሸሸው ወደ ጥልቁ ስለሆነ በእሱና በጥልቁ መካከል መገኘት የለበትም። የታንኳውን ጎን እየመቱ መሄድ መኖርን ያሳውቃል፤ ዝም ብሎ መንሳፈፍ ከሥር ያለውን ያስደነግጣል። ሌሊት በጨፌ ዳር የሚሄድም ባትሪ ይያዝ፣ ድምፁን ያሰማ።

ንክሻው ጥልቅና ቆሻሻ ነው። ደሙን በንጹሕ ጨርቅ አጥብቆ መጫን ይቀድማል፤ ከዚያ ሳይዘገዩ ወደ ሆስፒታል መውሰድ ነው። ቁስሉ ላይ ቡና፣ አመድ ወይም ጭቃ መደረግ የለበትም። ከላይ ትንሽ የሚመስል ቀዳዳ ከሥር የተሰበረ አጥንትና የተቀደደ ሥጋ ሊኖረው ስለሚችል በሐኪም ተከፍቶ መታጠብ፣ አንቲባዮቲክና የቲታነስ መከላከያ መሰጠት አለበት።

ጨፌው ሲጠብ

ጉማሬ ሌሊት ከየብስ የበላውን ቀን በውሃ ውስጥ ይጥላል። በኬንያና በታንዛንያ በሚፈሰው የማራ ወንዝ 4,000 ገደማ የሚሆኑ ጉማሬዎች በቀን ወደ 36 ቶን ኩስ ወደ ውሃው እንደሚያስገቡ ተለክቷል። ውሃው ሲፈስ ይህ ለዓሣውና ለትንንሽ ነፍሳቱ ምግብ ነው። ውሃው ሲቆምና ሲቀንስ ግን ኩሱ ሲበሰብስ ኦክስጅኑን ስለሚጨርሰው ዓሣ ይሞታል። ስለዚህ ያው ቁጥር ያላቸው ጉማሬዎች በሰፊ ጨፌ ጠቃሚ፣ በጠበበ ኩሬ ጎጂ ይሆናሉ። የቦዬን ጨፌ የሚያጠቡት እርሻ፣ የጡብ አፈር ቁፋሮ፣ የባሕር ዛፍ ተከላ፣ ከልክ ያለፈ ግጦሽና ከከተማ የሚወርድ ቆሻሻ ናቸው። ኩሬው ሲጠብ አውራዎቹ ይናከሳሉ፤ የተሸነፈው ወንድ ብቻውን ወጥቶ በየቦዩና በየጉድጓዱ ይሸሸጋል። ሰው ባልጠበቀበት ቦታ የሚያጋጥመው ብዙውን ጊዜ እሱ ነው። የጡብ አፈር ተቆፍሮበት ውሃ የሞላ ጉድጓድ ደግሞ ለእንዲህ ያለው ምቹ መደበቂያ ነው፤ ጥልቀቱ ልክ ነው፤ ዳሩም ለመውጣት አይከብድም። ቁፋሮው ሲያበቃ ጉድጓዱን መሙላት ወይም ቢያንስ ልጆች እንዳይዋኙበት ማድረግ የቆፋሪው ኃላፊነት ነው።

ሞቶ ቢገኝ

የሞተ ጉማሬ ብዙ ሥጋ ነው፤ የሚያጓጓውም ለዚህ ነው። ነገር ግን ጉማሬን በጅምላ ከሚገድሉ በሽታዎች አንዱ አባ ሰንጋ ነው፤ ይህም ወደ ሰውና ወደ ከብት ይተላለፋል። በጥቅምት 2017 እ.ኤ.አ. በናሚቢያ ቡዋብዋታ ብሔራዊ ፓርክ ከ100 በላይ ጉማሬዎች ሲሞቱ የተጠረጠረው ይኸው በሽታ ነበር። በእኛም አገር፣ በጊቤ ሸለቆ ብሔራዊ ፓርክ በሚያዝያ 2010 ዓ.ም. በአንድ ሳምንት ገደማ ጊዜ 28 ጉማሬዎች ሞተዋል።

ስለዚህ ሞቶ የተገኘ ጉማሬ ምክንያቱ እስኪታወቅ ድረስ አባ ሰንጋ እንደያዘው ይቆጠር። አይነካ፣ አይታረድ፣ አይገፈፍ፤ ጥርሱም አይነቀል። ሬሳው ሲከፈት በደሙ ውስጥ ያለው ባክቴሪያ አየር ያገኝና ለአሥርተ ዓመታት በአፈር ውስጥ የሚቆይ ጠንካራ ዘር ይሆናል። ሳይከፈት ከቆየ ግን አብዛኛው ባክቴሪያ በውስጡ በመበስበስ ይጠፋል። ከአፉ፣ ከአፍንጫው ወይም ከፊንጢጣው የማይረጋ ጥቁር ደም ከወጣ ጥርጣሬው ይበረታል። ውሻና አሞራ እንዳይደርሱበት በእሾህ መሸፈን፣ ከብቱን ከአካባቢው ማራቅ፣ ለእንስሳት ሐኪም ወዲያው መናገር የመጀመሪያዎቹ ሥራዎች ናቸው።

አወጋገዱን ባለሙያው ይወስናል። ደሙ መንገድ ለመንገድ ስለሚንጠባጠብ ሬሳውን መጎተት አይመከርም፤ ባለበት ማቃጠል ይመረጣል። ሁለት ሜትር ጥልቅ ጉድጓድ መቅበር ሌላው መንገድ ነው፤ በጨፌ ውስጥ ግን ትንሽ ሲቆፈር ውሃ ስለሚወጣ አይሆንም። ኖራ መነስነስ የተለመደ ምክር ቢሆንም በውስጡ ያለው ካልሲየም ዘሩን እንዳያቆየው ስለሚሰጋ የዓለም ጤና ድርጅት አይመክረውም። ሥጋውን የነካ ወይም የበላ ሰው በቀናት ውስጥ መሃሉ የጠቆረ፣ የማያም ቁስል፣ ትኩሳት ወይም የሆድ ሕመም ከተሰማው ምን እንደነካ ለሐኪሙ በግልጽ ይናገር፤ በጊዜ ከተያዘ በአንቲባዮቲክ ይድናል። በአካባቢው ያሉ ከብቶች ይከተቡ፤ ክትባቱ ከብቱን መጠበቅ የሚጀምረው ከሳምንት በኋላ ስለሆነ እስከዚያ ድረስ በዚያ ጨፌ አይሰማሩ።